ማሽላ እያረረ ይስቃል፦ ካሜራውን ለጓደኛው ያስረከበው ዳይሬክተር

እስቲ አንድ ጥያቄ ልጠይቃችሁ። ፊልም አይታችሁ ስትወጡ መጀመሪያ የምታወሩት ስለማን ነው? ስለ ተዋናዮቹ፣ አይደል? ቀጥሎ ስለ ታሪኩ፤ «መጨረሻው አልተመቸኝም» ምናምን። ከመሃላችሁ ፊልም አውቃለሁ ባይ ካለ ደግሞ የዳይሬክተሩን ስም ጣል ያደርጋል። ካሜራማኑን የሚያነሳ ግን እምብዛም የለም። እኛ አገር «ካሜራማን» ሲባል ቶሎ የሚመጣልን ሰርግ ላይ ሙሽሮቹን «እስቲ ኬኩን ድጋሚ ቁረሱልኝ» እያለ የሚያዝዘው ሰውዬ ነው። (ለነገሩ በሰርግ ቀን ከሙሽራው አባት በላይ ሥልጣን ያለው እሱ ነው።)

የዛሬው ወሬዬ ስለ አንድ ካሜራማን ነው። ጄት ሊ የሠራበትን «ሂሮ» ያየ ሰው ሥራውን ያውቀዋል። ቀዩ፣ ሰማያዊው፣ አረንጓዴውና ነጩ እየተፈራረቀ ዓይን የሚያፈዝዘው ያ ፊልም። ዳይሬክተሩ ዣንግ ዪሞ ይባላል። በዓለም ላይ ስማቸው በደንብ ከሚታወቅ የቻይና ዳይሬክተሮች አንዱ ነው። ወደ ፊልም የገባው ግን በዳይሬክተርነት ትምህርት አይደለም፤ በካሜራ ነው። የሱን ታሪክ ሳነብ አንድ ጥያቄ አልለቀኝ አለ። ካሜራማን ሰውን ፍሬም ውስጥ የት እንደሚያቆመው ይጨነቃል። ዳይሬክተር ሲሆን ግን ሰውየውን ለምን እዚያ እንዳቆመው ይጠየቃል። አንድ ሰው ከመጀመሪያው ጭንቀት ወደ ሁለተኛው ሲሻገር ምን ያገኛል? ምንስ ይከፍላል?

ሁለት ነገር ላስታውስና እንጀምር። አንደኛ፣ ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው። ሁለተኛ፣ ቻይናዎች የቤተሰብ ስም ያስቀድማሉና «ዣንግ» የቤተሰቡ ስም ነው። እኔም ዣንግ እያልኩ እቀጥላለሁ።

የተሸናፊ ልጅ

ዣንግ የተወለደው 1950ዎቹ መግቢያ ላይ በሰሜን ምዕራብ ቻይና፣ በሺያን ከተማ ነው። ጊዜው መጥፎ ነበር። መጥፎ የሆነው ለሁሉም ሳይሆን ለእንደሱ ዓይነቱ ቤተሰብ ነው። አባቱ በኩኦሚንታንግ ሠራዊት ውስጥ መኮንን ነበር። በ1949 የማኦ ኮሚኒስቶች ጦርነቱን ሲያሸንፉ ኩኦሚንታንግ ወደ ታይዋን ሸሸ፤ የዣንግ አጎትም አብሮ ተሻገረ። አባትየው ቀረ። እንግዲህ የተሸናፊ መኮንን ልጅ፣ ያውም ታይዋን ዘመድ ያለው ሆኖ በማኦ ቻይና ማደግ ምን እንደሚመስል አስቡት። በደርግ ጊዜ «የአድኃሪ ልጅ» ተብሎ የተገፋ ሰው በቤተሰባችሁ ውስጥ ካለ ብዙ ማስረዳት አያስፈልገኝም።

በ1966 የባህል አብዮት ፈነዳ። ትምህርት ቤቶች ተዘጉ። የከተማ ወጣቶች «ከገበሬው ተማሩ» እየተባሉ ወደ ገጠር ተላኩ። ዣንግም ሦስት ዓመት ያህል እርሻ ላይ ሲቆፍር ኖረ። ከዚያ በሺያን አቅራቢያ በምትገኘው በሺያንያንግ ከተማ የጥጥ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ተቀጠረና ሰባት ዓመት ገደማ ሠራ። ደምሩት። ሌላው ሰው ዩኒቨርሲቲ ገብቶ የሚወጣበት፣ ፍቅር የሚይዝበት፣ «ምን ልሁን?» ብሎ የሚያስብበት አሥር ዓመት በአፈርና በጥጥ አለቀ።

ፎቶ ማንሳት የጀመረው በዚህ ጊዜ ነው። የመጀመሪያ ካሜራውን ለመግዛት ደሙን ሸጦ ገንዘብ እንዳሟላ በሰፊው ይነገራል። አስተማሪም ትምህርት ቤትም አልነበረውም። ሥዕል ይሞክራል፣ ፎቶ ያነሳል፣ ነገ ሽፍቱ ይቀጥላል።

«ማሽላ እያረረ ይስቃል» እንላለን እኛ። ምሳሌው ለዚህ ልጅ የተነገረ ነው የሚመስለው። ማሽላ ደግሞ በኋላ በታሪኩ ውስጥ በአካል ይመጣል፤ ጠብቁኝ።

በዕድሜ የወደቀው ተማሪ

ማኦ በ1976 ሞተ፤ የባህል አብዮትም አበቃ። በ1977 መጨረሻ ላይ የዩኒቨርሲቲ መግቢያ ፈተና ተመለሰ። በ1978 ለዓመታት ተማሪ ሳይቀበል የቆየው የቤጂንግ ፊልም አካዳሚ በሩን ከፈተ። አሥር ዓመት የተጠራቀመ ወጣት አንድ በር ላይ ሲጋፋ ይታያችሁ።

ዣንግ ያመለከተው ለሲኒማቶግራፊ ክፍል ነው። እጁ ላይ የነበረው ፎቶዎቹ ናቸውና የሚያሳየው እነሱን ነው። ችግሩ ዕድሜ ሆነ። ጣሪያው 22 ዓመት ነበር፤ እሱ ግን ወደ 30 ተጠግቷል። ሕጉ ሕግ ነው ተባለ። ያረጀው ግን በራሱ ጥፋት አልነበረም። ትምህርት ቤቱን የዘጋበት መንግሥት መልሶ «አርጅተሃል» አለው።

ታዲያ ምን አደረገ? አቤቱታ ጻፈ። ለቀበሌ ወይም ለአካዳሚው ጽሕፈት ቤት አይደለም፤ በቀጥታ ለባህል ሚኒስትሩ። ከደብዳቤው ጋር ያነሳቸውን ፎቶዎች አያይዞ ላከ። ሚኒስትሩ ፎቶዎቹን አይተው ይግባ አሉ፤ ገባ። በአገራችን አቤቱታ ጽፎ መልስ የጠበቀ ሁሉ ይህን ሲሰማ «ይሄማ ተአምር ነው» ማለቱ አይቀርም። ተአምሩ ግን ቅርጽ ነበረው። ሚኒስትሩን ያሳመነው ከልመናው ይልቅ በፎቶዎቹ ላይ የታየው ዓይን ነው።

አብረውት ከተማሩት መካከል በዳይሬክቲንግ ክፍል ቼን ካይጌና ቲያን ዡዋንግዡዋንግ፣ በሱ ክፍል ደግሞ ጉ ቻንግዌይ፣ ሆ ዮንግ፣ ሉ ዩዌና ዣዎ ፌይ ነበሩ። በ1982 ተመረቁ። የፊልም ታሪክ ጸሐፊዎች «አምስተኛው ትውልድ» የሚሏቸው እነዚህን ልጆች ነው።

ሩቅ ምደባ

ምደባ የሚለውን ቃል የኢትዮጵያ ተመራቂ በደንብ ያውቀዋል። በዚያን ጊዜ ቻይና ውስጥም ተመራቂ ሥራ አይፈልግም፤ ይመደባል። ዣንግ የደረሰው ጓንግሺ ነው፤ ከቤጂንግ እጅግ የራቀ፣ በደቡብ ጫፍ ከቬትናም ጋር የሚዋሰን ግዛት። እዚያ ያለው የፊልም ስቱዲዮ ትንሽና ስም የሌለው ነበር። ቤተሰብ ቢሰማ ለቅሶ የሚቀመጥበት ዓይነት ምደባ።

ለካ ዕድል የነበረው እዚያው ነው። በቤጂንግና በሻንጋይ ትልልቅ ስቱዲዮዎች አንድ ወጣት ካሜራ ለመያዝ ከአንጋፋዎቹ ኋላ ለዓመታት ተሰልፎ መጠበቅ ነበረበት። ጓንግሺ ግን ሰልፍ የሚያስይዝ ብዙ አንጋፋ አልነበረም። ልጆቹ እንደተመረቁ የራሳቸውን ፊልም እንዲሠሩ ተፈቀደላቸው። በ1983 ዣንግ ጁንዣዎ ዳይሬክት ያደረገውን «አንድ እና ስምንት» ቀረጸ። ፊልሙ በጸረ ጃፓን ጦርነት ጊዜ ስለታሰሩ ሰዎች ነው፤ አንዱ በሐሰት የተከሰሰ የኮሚኒስት መኮንን፣ ስምንቱ ወንጀለኞችና ከዳተኞች። እስከዚያ ድረስ የቻይና ፊልም ጀግናን መሃል ፍሬም ላይ አቁሞ፣ ብርሃን አፍስሶበት ነበር የሚያሳየው። ዣንግ ግን ሰዎቹን ወደ ዳር ገፋቸው። ፊታቸው ግማሽ ጨለማ ሆነ፤ መሃሉ ባዶ ቀረ። ሳንሱሩ አልወደደውም፤ ብዙ እንዲስተካከል አዘዘ። ሰውን ከመሃል ወደ ዳር መግፋት ፖለቲካ እንደሆነ የገባው ሳንሱሩም ጭምር ነበር ማለት ነው።

በቀጣዩ ዓመት፣ በ1984፣ «ቢጫ መሬት» መጣ። ዳይሬክተር ቼን ካይጌ፣ ካሜራ ዣንግ ዪሞ። ታሪኩ ቀላል ነው። በ1939 አንድ የኮሚኒስት ወታደር የገጠር ዘፈን ለመሰብሰብ ወደ ድሃ መንደር ይመጣል። ዓላማው ዜማውን ይዞ፣ ለሠራዊቱ ሞራል የሚሆን አዲስ ግጥም ሊገጥሙበት ነው። ያረፈበት ቤት አንዲት ልጅ አለች። በልጅነቷ ለማታውቀው ሰው ታጭታለች። ወታደሩ በነሱ ዘንድ ሴቶች ማንበብ እንደሚማሩ ሲነግራት «ውሰደኝ» ትለዋለች። እሱ ግን ፈቃድ መጠየቅ አለበት፤ ደንብ ነው። ፈቃዱ እስኪመጣ ልጅቷ ትዳራለች። በሌሊት በጀልባ ቢጫውን ወንዝ ለመሻገር እየዘፈነች ትነሳለች፤ ዘፈኑ መሃል ላይ ይቆረጣል። ይኸው ነው።

አሁን ፍሬሙን ተመልከቱ። አድማሱን ከፍ አድርጎ ጫፍ ላይ ሰቅሎታል። ከላይ ቀጭን የሰማይ ክር ይታያል፤ የቀረው በሙሉ አፈር ነው። ሰዎቹ በዚያ አፈር ላይ እንደ ጉንዳን ይሄዳሉ። አብዮቱ «ሰው ተፈጥሮን ያሸንፋል» ይል ነበር። ዣንግ ደግሞ ሦስት ዓመት መሬት ቆፍሯል፤ ማን ማንን እንደሚያሸንፍ ያውቃል። መጨረሻ ላይ ገበሬዎቹ ዝናብ ለመለመን ተሰብስበው እንደ ጎርፍ ወደ አንድ አቅጣጫ ሲሮጡ፣ የልጅቷ ታናሽ ወንድም ወታደሩን ከሩቅ ያየውና በሰዎቹ መሃል እየተጋፋ ወደ ተቃራኒው ይሮጣል። አንድ ሕፃን በስንት መቶ ሰው ላይ። ይህችን ምስል ያዙልኝ፤ እንመለስባታለን።

ፊልሙ በ1985 ሆንግ ኮንግ ፌስቲቫል ላይ ሲታይ ጉድ ተባለ። አገር ቤት ግን ብዙ ተመልካች አላገኘም። ለማንኛውም ከዚያ በኋላ ዣንግ ዪሞ የሚባል ካሜራማን እንዳለ ያላወቀ የፊልም ሰው አልነበረም።

ጋሽ ዉ

እዚህ ላይ አንድ ትልቅ ሰው ይገባሉ። ዉ ቲያንሚንግ ይባላሉ፤ እኛ ሰፈር ቢሆኑ ጋሽ ዉ ነበር የምንላቸው። በ1983 የሺያን ፊልም ስቱዲዮ ኃላፊ ሆኑ። ራሳቸውም ዳይሬክተር ናቸው፤ ግን ኃላፊነታቸውን የተጠቀሙበት በአብዛኛው ለወጣቶቹ በር ለመክፈት ነው። አለቃ ሆኖ ከሱ የተሻለ የሚሠራ ሰው ፈልጎ ማምጣት! እንዲህ ያለ አለቃ የገጠማችሁ እጃችሁን አውጡ።

ዉ «አሮጌው ጉድጓድ» የሚል ፊልም ሲያዘጋጁ ዣንግን ለካሜራ ወደ ትውልድ ከተማው አመጡት። ታሪኩ ለትውልዶች ውኃ ፍለጋ ሲቆፍር ስለኖረ የተራራ መንደር ነው። ለዋናው ገጸ ባሕርይ ተዋናይ ሲፈለግ ዉ የካሜራማኑን ፊት አዩት፤ ደረቅ፣ አጥንታም፣ ፀሐይ የጠበሰው የገበሬ ፊት። «አንተ ትሠራዋለህ» አሉት። ዣንግ ከገበሬዎች ጋር ኖሮ፣ ድንጋይ ተሸክሞ ለሚናው ተዘጋጀ። በ1987 በቶኪዮ ዓለም አቀፍ ፊልም ፌስቲቫል ምርጥ ተዋናይ ተብሎ ተሸለመ። የሰርግ ካሜራማኑ ሙሽራ ሆኖ ቀረ በሉት።

ይህ ግን ቀልድ ብቻ አይደለም። ካሜራማን ሁልጊዜ ከሌንሱ ኋላ ነው፤ ሰውን ያያል እንጂ አይታይም። ዣንግ ዳይሬክተር ከመሆኑ በፊት አንድ ጊዜ ፍሬም ውስጥ ገብቶ መቆምን ቀመሰው። ሰዎች «ወደ ግራ ትንሽ» ሲሉት፣ ሙቀቱ፣ ድካሙ፣ መታየቱ። በኋላ ተዋናዮችን ሲመራ ይህ ሳይጠቅመው አልቀረም ብዬ አስባለሁ።

የማሽላው ፊልም

አሁን ማሽላው መጣ። ሞ ያን የሚባል ደራሲ (በ2012 የኖቤል ሽልማት ያገኘው) ስለ ማሽላ እርሻ፣ ስለ አረቄና ስለ ጃፓን ወረራ የጻፈው ታሪክ ነበር። ዣንግ የመጀመሪያ ፊልሙ ሊያደርገው ተነሳ። በደራሲው አገር በጋኦሚ ግን ፊልሙ የሚፈልገው የማሽላ ባሕር አልነበረም፤ መዘራት ነበረበት። ዘር ደግሞ የሳንሱር ፈቃድ እስኪመጣ አይጠብቅም። ጋሽ ዉ የስክሪፕቱ ፈቃድ ሳይመጣ ገንዘቡን አስቀድመው ሰጡ። ማሽላው ተዘራ። የቀድሞው እርሻ ሠራተኛ ፊልሙን የጀመረው በማረስ ነው።

ከዚያ ያ ውሳኔ መጣ። ዣንግ በጊዜው በቻይና ውስጥ ስሙ ከሚጠራ ካሜራማን አንዱ ነው። የራሱን የመጀመሪያ ፊልም ካሜራ ግን አልያዘም። ለክፍል ጓደኛው ለጉ ቻንግዌይ አስረከበው። እስቲ አስቡት፤ እጃችሁ የለመደውን፣ ስም ያወጣላችሁን፣ ደም ተሸጦ የተገዛውን ነገር ለሌላ ሰው መስጠት። ግን ሁለቱንም ሥራ አንድ ሰው አንድ ላይ ሲሠራ አንዱ መራቡ አይቀርም። ዓይኑ ሌንስ ላይ የተተከለ ሰው ተዋናይዋ ስትፈራ አያያትም። ተዋናይዋ ደግሞ ገና የድራማ አካዳሚ ተማሪ የነበረች፣ ማንም የማያውቃት ጎንግ ሊ ናት። የሚያያት ሰው ያስፈልጋት ነበር።

«ቀይ ማሽላ» በ1987 ተጠናቀቀ። በ1988 በርሊን ላይ ወርቃማውን ድብ ወሰደ፤ ይህን ሽልማት ያገኘ የመጀመሪያው የቻይና ፊልም ነው። ከ«ቢጫ መሬት» ጋር ስታነጻጽሩት የሆነው ነገር ግልጽ ነው። በ«ቢጫ መሬት» መሬቱ ሰውን ውጦት ነበር፤ እዚህ ሰው ከመሬቱ ብድግ ብሏል። ሙሽራዋ የተቀመጠችበትን ቀይ ወንበር ተሸካሚዎቹ እየዘፈኑ፣ አቧራውን እያስነሱ ያነጥሯታል። ፊቷ ቅርብ ነው፤ ትንፋሿ ይሰማል። ሰዎቹ አረቄ ያወጣሉ፣ ይጠጣሉ፣ ይዋደዳሉ፣ ይሞታሉ። የካሜራማኑ ቀለም አልጠፋም፤ ፊልሙ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ቀይ ነው። ቀለሙ አሁን ግን የሰዎቹ ሆነ፤ የሙሽራ ልብስ፣ አረቄ፣ ደም።

ፋኖሱ እና ድብቁ ካሜራ

«ካሜራማን ዳይሬክተር ሲሆን ፊልሙ ቆንጆ ፖስትካርድ ይሆናል» የሚል የቆየ ስጋት አለ። እውነትም ብዙዎች እዚያ ይወድቃሉ። ዣንግ ከወጥመዱ ያመለጠበትን መንገድ ለማየት ሁለት ፊልሞቹን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ይበቃል።

አንደኛው በ1991 የሠራው «ቀዩን ፋኖስ ስቀሉ» ነው። ካሜራው የዣዎ ፌይ ነው። ዩኒቨርሲቲ አቋርጣ የባለጸጋ አራተኛ ሚስት ስለሆነች የ19 ዓመት ወጣት ይተርካል። ጌትዬው ማታ ከማንኛዋ ሚስት ጋር እንደሚያድር የሚታወቀው ደጇ ላይ ቀይ ፋኖስ ሲበራ ነው። ፋኖስ የበራላት ትከበራለች፤ ያልበራላት ሠራተኛው ሁሉ ይንቃታል። የሚገርማችሁ፣ ፊልሙ በተመሠረተበት በሱ ቶንግ ልቦለድ ውስጥ ፋኖሶቹ የሉም። ዣንግ ነው የጨመራቸው። የካሜራማን ዓይን ምን ሊሠራ እንደሚችል ከዚህ በላይ የሚያሳይ ምሳሌ አላገኘሁም፤ ብርሃንን ጌጥ ሳይሆን ሥልጣን አደረገው። ጌትዬውን ደግሞ ፊቱን በቅርብ አያሳየንም። ሁሉም በሱ ይኖራሉ፣ በሱ ይሞታሉ፤ እሱ ግን ድምፅና ጀርባ ነው። ማንን ፍሬም ውስጥ አለማስገባትም ውሳኔ ነው። ይህ ፊልምና ከሱ በፊት በ1990 የሠራው «ጁ ዱ» እስከ 1992 ድረስ በቻይና ታግደው ቆይተዋል።

ሁለተኛው የ1992ቱ «የቺዩ ጁ ታሪክ» ነው፤ ከመጀመሪያው ጋር ፈጽሞ አይገናኝም። ነፍሰ ጡር የገጠር ሴት ናት። የመንደሩ ሹም ባሏን መጥፎ ቦታ ረግጦታል። ካሳ አልፈልግም ትላለች፤ የምትፈልገው «አጥፍቻለሁ» እንዲላት ብቻ ነው። ከመንደር ወደ ወረዳ፣ ከወረዳ ወደ ከተማ፣ ሆዷን ይዛ ደጅ ትጠናለች። (ደጅ መጥናትን ለእናንተ አላስረዳም።) ዣንግ እዚህ ያንን ሁሉ ቀለም ጣለው። ገበያ ውስጥ ካሜራ ደብቆ ቀረጸ። ከጎንግ ሊ ጋር የሚታዩት ብዙዎቹ ተዋናይ ያልሆኑ ሰዎች ናቸው። አንዳንዱ ሰው የፊልም ኮከብ በአጠገቡ ማለፏን እንኳ አላወቀም። ሰውን «እዚህ ቁም» ማለት ትቶ፣ ሰው የቆመበት ድረስ ሄደ። ቬኒስ ላይ ወርቃማውን አንበሳ ያገኘው በዚህ ነው።

መንገዱ የሱ ብቻ አልነበረም። ካሜራውን የተረከበው ጉ ቻንግዌይ በ2005 ራሱ ዳይሬክት ያደረገውን «ፒኮክ» ይዞ በርሊን ላይ የብር ድብ ተሸለመ። ሉ ዩዌ በ1998 «አቶ ዣዎ» በሚለው ፊልሙ የሎካርኖን ወርቃማ ነብር ወሰደ። ሆ ዮንግም ዳይሬክተር ሆነ። ከአንድ የካሜራ ክፍል እንዲህ የወጡበት ምክንያት፣ እንደኔ፣ ትውልዱ ነው። መፈክር ጆሮው ላይ ሲጮህበት ያደገ ልጅ ቃል አያምንም፤ ያየውን ነው የሚያምነው።

ሁለት ሺህ ከበሮ

ወደ ከባዱ ክፍል ደረስን። በ1994 የሠራው «መኖር» በካን ትልቅ ሽልማት ቢያገኝም በቻይና ሲኒማ ቤቶች አልታየም። ከዚያ ዓመታት አለፉና በ2002 «ሂሮ» መጣ። ካሜራው የክሪስቶፈር ዶይል ነው። ታሪኩ የቺን ንጉሥን ሊገድል ስለመጣ ሰው ነው። ንጉሡ ጨካኝ ነው፤ ግን አገሪቱን አንድ ሊያደርግ ይችላል። ገዳዩ መጨረሻ ላይ ሰይፉን ይተወዋል፤ ለአንድነቱ ሲል ራሱ ይሞታል። ብዙ ተቺዎች «ይሄማ ለአምባገነን ይቅርታ ማድረግ ነው» አሉ። የቺዩ ጁ ዳይሬክተር፣ የአንዲትን ገበሬ «አጥፍቻለሁ በለኝ» እስከ ላይ ድረስ የተከተለው ሰው፣ እንዴት ንጉሡ ጋ ደረሰ?

ነሐሴ 8 ቀን 2008 የቤጂንግ ኦሊምፒክ መክፈቻ ሲካሄድ ዋና ዳይሬክተሩ ዣንግ ነበር። 2008 ከበሮ መቺዎች እንደ አንድ ሰው ሲመቱ ዓለም አፉን ከፍቶ አየ። «ቢጫ መሬት» ውስጥም ከበሮ ነበር፤ ወገባቸው ላይ ከበሮ ያሰሩ የገጠር ወጣቶች፣ አቧራ ውስጥ እየዘለሉ። እነዚያ ላብ ነበራቸው። እነዚህ ሥርዓት ነበራቸው።

በዚያው ምሽት አንዲት ቆንጆ ሕፃን ስትዘፍን ታየች። ድምፁ ግን የሌላ ሕፃን ነበር። የሙዚቃ ኃላፊው በኋላ እንደተናገረው፣ ከልምምድ በኋላ ከባለሥልጣን በኩል እንዲቀየር ተብሎ፣ ለአገር ገጽታ ሲባል የተደረገ ነው። ውሳኔው የዣንግ ብቻ እንዳልነበር ግልጽ ነው። ፍሬሙ ግን የሱ ነበር። ድምፅ ያላት ልጅ ከፍሬም ውጭ ቀረች።

እሱን አስቀምጦ መፍረድ ይቀላል። አባቱ በተሸናፊነት የተቆጠረ፣ ፊልሞቹ የታገዱበት፣ እዚያው አገር ሥራውን መቀጠል የፈለገ ሰው ምን ምርጫ ነበረው የሚል አለ። እኔ ሁለቱንም ክርክር እሰማለሁ፤ ግን አንድ ነገር አልቀበልም። «እኔ ምስሉን ብቻ ነው የሠራሁት» የሚለው መልስ ለካሜራማን እንኳ አይበቃም፤ ለዳይሬክተርማ ጨርሶ አይሆንም። «አንድ እና ስምንት» ላይ ሰውን ወደ ዳር መግፋት ትርጉም ከነበረው፣ ሁለት ሺህ ሰውን ማሰለፍም ትርጉም አለው።

አንዲት ሰከንድ

ታሪኩ በከበሮው ቢያልቅ ኖሮ አልጽፈውም ነበር። ዣንግ በ2019 «አንድ ሰከንድ» የተባለ ፊልም ለበርሊን ፌስቲቫል አዘጋጀ። ሊታይ ጥቂት ቀን ሲቀረው «በቴክኒካዊ ምክንያት» ተብሎ ከፌስቲቫሉ ወጣ። በቻይና ለሕዝብ የቀረበው በ2020 መጨረሻ ላይ ነው።

ዘመኑ ራሱ ያለፈበት የባህል አብዮት ነው። አንድ እስረኛ ከሥራ ካምፕ አምልጦ በረሃ ያቋርጣል። የሚሄደው ወደ ነፃነት አይደለም፤ ወደ ፊልም ቤት ነው። ከዋናው ፊልም በፊት በሚታየው የዜና ፊልም ላይ ሴት ልጁ ለአንድ ሰከንድ ያህል እንደምትታይ ሰምቷል። ለዓመታት አላያትም። የፊልሙ ጥቅልል መንገድ ላይ ተዘርግቶ በአፈር ሲበላሽ የመንደሩ ሰው ሁሉ ወጥቶ እንደ አራስ ልጅ ያጥበዋል፣ ያደርቀዋል። ማታ ልጅቷ ስክሪኑ ላይ ትመጣለች፤ ትሄዳለች። አለቀ። በኋላ ፊልም አሳዪው ያችን ቁራጭ ፊልም እየዞረች እንድትመላለስ አድርጎ ያገጥምለታል። አባት በጨለማ አዳራሽ ውስጥ ልጁን ደጋግሞ ያያል።

የዜና ፊልሙ ስለ አብዮቱ ታላቅነት ነው። ያችን ልጅ የቀረጻት ካሜራማን ማን እንደሆነች አያውቅም፤ ለሱ ከብዙዎቹ አንዷ ናት። አባትየው ግን ሌላውን ሰው ሁሉ አያየውም። በ«ቢጫ መሬት» መጨረሻ ላይ ሕዝቡን እየተጋፋ ወደ ተቃራኒው የሚሮጠው ሕፃን ትዝ ይላችኋል? ከ35 ዓመት ገደማ በኋላ ዣንግ ወደሱ የተመለሰ መሰለኝ።

ፊልሞቹን ፈልጋችሁ እዩዋቸው፤ በ«ቢጫ መሬት» ጀምሩ። ስታዩ ታሪኩን ብቻ አትከተሉ። ሰውየው የት እንደቆመ፣ ከሱ በላይ ምን ያህል አፈር፣ ከሱ ኋላ ስንት ሰው እንዳለ ልብ በሉ። ሲያልቅ ደግሞ ስሞቹ ሲያልፉ ቁጭ በሉና የካሜራማኑን ስም አንብቡ። ነገ ማን እንደሚሆን አይታወቅም።